የፊልም ደራሲ ምን ይሠራል? የሺኖቡ ሀሺሞቶ ረጅም የብዕር ዘመን

አንድ ፊልም ሲወደድ ምስጋናው መጀመሪያ ለተዋንያኑ፣ ከዚያ ለዳይሬክተሩ ይደርሳል። የደራሲው ስም ስክሪኑ ላይ ብቅ ብሎ ይጠፋል፤ ማን እንደነበር ጠይቆ ከአዳራሽ የሚወጣ ተመልካች ጥቂት ነው። የሚጠይቀውም ቢሆን ደራሲ ሲባል ተዋንያኑ የሚለዋወጡትን ንግግር የጻፈ ሰው ይመስለዋል። ንግግሩ ግን ከሥራው ሁሉ ቀላሉ ነው ቢባል ማጋነን አይሆንም። ከባዱ ከንግግሩ በፊት የሚመጣው ነው፦ ተመልካቹ የትኛውን ነገር መቼ ይወቅ? ከማን አፍ ይስማው? ምን ይሰወርበት? እስከ መቼስ ይሰወርበት?

ይህን ሥራ ለማስረዳት ከጃፓናዊው ሺኖቡ ሀሺሞቶ የተሻለ ሰው አላገኘሁም። በ1918 ተወለደ፣ በ2018 በ100 ዓመቱ አረፈ። (ዓመታቱ ሁሉ በጎርጎርዮሳዊው አቆጣጠር ናቸው።) ብቻውንም ከሌሎች ጋርም ሆኖ ከ70 በላይ የፊልም ድርሰቶችን ጽፏል። ዝርዝራቸው ግራ ያጋባል። የሳሙራይ (የጥንት ጃፓን ተዋጊ) ፊልም አለ፤ ሞቱ ስለተቃረበ የማዘጋጃ ቤት ሠራተኛ የሚተርክ አለ፤ የወንጀል ምርመራ አለ፤ የጦር ወንጀለኞች ፍርድ አለ፤ በበረዶ ስላለቀ ጦር የሚናገር አለ፤ ጃፓን ባሕር ውስጥ ስትሰምጥ የሚያሳይም አለ። አንድ ሰው ይህን ሁሉ እንዴት ይጽፋል? በእኔ ግምት ሀሺሞቶ ብዙ ዓይነት ሆኖ የሚታየን ርዕሰ ጉዳዩን ብቻ ስለምናይ ነው። አሠራሩን ለተከታተለ ሰው ዕድሜውን ሙሉ የሠራው አንድ ሥራ ነው፤ የአተራረክን ቅደም ተከተል ማበጀት።

አጀማመሩ ከሲኒማ ጋር ምንም የሚያገናኘው አልነበረም። በ1938 ለውትድርና ገብቶ ገና በሥልጠና ላይ ሳለ የሳንባ ነቀርሳ ያዘው። በኦካያማ ግዛት ወደሚገኝ የወታደሮች ማገገሚያ ተላከና አራት ዓመት ያህል እዚያ ቆየ። አጠገቡ የተኛ በሽተኛ አንድ የሲኒማ መጽሔት አዋሰው፤ መጨረሻው ላይ ስክሪፕት ታትሞበታል። ሀሺሞቶ አንብቦ ሲጨርስ «ይህንንማ እኔም እጽፈዋለሁ» አለ። ቀጥሎም በጃፓን አንደኛው የፊልም ደራሲ ማን እንደሆነ ጠየቀ። ማንሳኩ ኢታሚ መሆኑ ሲነገረው ጽፎ ለእርሱ ሊልክ ወሰነ። ቀላል ነው ያለውን ሥራ ለመጨረስ ዓመታት ቢፈጅበትም አንድ ቀን ላከው፤ ኢታሚም መልስ ጻፈለት። ኢታሚ ራሱ በዚያው በሳንባ በሽታ አልጋ ላይ የዋለ ሰው ነበር። በ1946 እስኪሞት ድረስ የሀሺሞቶን ጽሑፎች እያነበበ ያርምለት ነበር፤ ከእርሱ ሌላ ደቀ መዝሙር አልነበረውም።

ሀሺሞቶ በስተርጅና በጻፈው ማስታወሻ ውስጥ ከመምህሩ ጋር ያደረገውን አንድ ጨዋታ አስፍሯል። ኢታሚ የሌላ ሰው ልብ ወለድ ወደ ፊልም ሲለወጥ ደራሲው ምን ዓይነት አመለካከት ሊኖረው እንደሚገባ ይጠይቀዋል። ተማሪው በበሬ መሰለው። በአጥር ውስጥ አንድ በሬ አለ፤ ዛሬ ሄጄ አየዋለሁ፣ ነገም ሄጄ አየዋለሁ፣ ዝናብ ቢዘንብም ነፋስ ቢነፍስም ዙሪያውን እየዞርኩ አጠናዋለሁ፤ የት ላይ ቢመታ በአንድ ምት እንደሚወድቅ ሳውቅ ገብቼ እጥለዋለሁ፤ ደሙንም በባልዲ ተቀብዬ እወጣለሁ፤ የምፈልገው ደሙን ብቻ ነው፣ ሥጋውና ቅርጹ አያስፈልገኝም። ኢታሚ ጥቂት አሰበና ነገሩ ልክ ሊሆን እንደሚችል፣ ነገር ግን በዓለም ላይ አብረውት የሚሞቱለት እንጂ የማይገድሉት መጽሐፍም እንዳለ መለሰለት። ሀሺሞቶ ከዚያ በኋላ የሠራቸው ልብ ወለዶች አብዛኞቹ የመጀመሪያው ዓይነት ሞት ነው የደረሰባቸው።

ጊዜው የጦርነትና የድህነት ነበርና በብዕር መኖር አልተቻለም። ከማገገሚያው ከወጣ በኋላ በሂሜጂ ከተማ በአንድ ድርጅት ውስጥ የሒሳብ ሠራተኛ ሆኖ ያገለግል ነበር፤ ስክሪፕቶቹን በትርፍ ሰዓቱ፣ ወደ ሥራ በሚመላለስበት ባቡር ውስጥ ሳይቀር ይጽፍ ነበር። የሒሳብ ሰው መሆኑን የማነሣው ለታሪክ ማሟያ አይደለም። ወደፊት እንደምናየው ስክሪፕቶቹ ውስጥ ያለ ቦታው የተመዘገበ ነገር ማግኘት ይቸግራል።

በዚህ ጊዜ ከሪዩኖሱኬ አኩታጋዋ አጫጭር ልብ ወለዶች አንዱን መረጠ። ታሪኩ ጫካ ውስጥ ስለሞተ ሰው ነው፤ ሽፍታው፣ የሟቹ ሚስት፣ የሟቹም መንፈስ ሳይቀር ቃላቸውን ይሰጣሉ፣ አንዱ የተናገረው ግን ከሌላው አይገጥምም። የሀሺሞቶ ጽሑፍ በኢታሚ ወዳጆች በኩል ዳይሬክተሩ አኪራ ኩሮሳዋ እጅ ገባ። ኩሮሳዋ ወደደው፤ ነገር ግን ለአንድ ፊልም አጠረው። ሀሺሞቶም ሳያስብበት የዚያው ደራሲ ሌላ ታሪክ ቢጨመርበትስ አለ። በ1950 የወጣው «ራሾሞን» የተገኘው እንዲህ ነው። ፊልሙ በ1951 በቬኒስ ፌስቲቫል ወርቃማውን አንበሳ ሲያሸንፍ የጃፓን ሲኒማ ለውጭው ዓለም በር ተከፈተለት።

እዚህ ላይ ትንሽ እንቆይ። በ«ራሾሞን» ውስጥ ማን ገደለ የሚለው ጥያቄ መልስ አያገኝም፤ ተመልካቹም አይናደድም። ለምን? አንዱ ምስክር ቃሉን ጨርሶ ልናምነው ስንል ሁለተኛው ይመጣል፤ ሁለተኛውን ስናምን ሦስተኛው ይመጣል። ስለዚህ ቀስ በቀስ የምንከታተለው ግድያውን መሆኑ ይቀርና ሰዎቹ ራሳቸውን ለማሳመር እንዴት እንደሚዋሹ መከታተል እንጀምራለን። ቃሎቹ በሌላ ቅደም ተከተል ቢደረደሩ ይህ ለውጥ አይመጣም ነበር። የደራሲ ሥራ ማለት ይኼ ነው።

ሁለተኛው ትምህርት በ1952 የወጣው «ኢኪሩ» ነው። ኩሮሳዋ ለሀሺሞቶ የሰጠው ሐሳብ ከአንድ መስመር የማይበልጥ ነበር፦ 75 ቀን ዕድሜ ብቻ የቀረው ሰው። ሀሺሞቶ የመጀመሪያውን ረቂቅ ጻፈ፤ ከዚያም በዕድሜም በልምድም የሚበልጣቸው ሂዴዎ ኦጉኒ ተጨመረ። ባለ ታሪኩ ዋታናቤ ሠላሳ ዓመት ሙሉ ወረቀት ላይ ማኅተም ሲያሳርፍ የኖረ የማዘጋጃ ቤት ክፍል ኃላፊ ነው። የሆድ ካንሰር እንዳለበት ሲያውቅ በቀረችው ጊዜ ለአንድ ድሃ ሰፈር ልጆች መጫወቻ ስፍራ ለማሠራት ይነሣል። ማንም ጸሐፊ ይህን ቢያገኝ ሰውየው ቢሮ ለቢሮ ሲንከራተት፣ ሲሳካለት፣ በመጨረሻም ሲሞት ያሳይ ነበር። ኦጉኒ የተጻፈውን አንብቦ ሰውየው መሐል ላይ መሞት አለበት አለ። ኩሮሳዋ ደስ አላለውም፤ ሆኖም ብዙ ገጽ ተጥሎ እንደገና ተጻፈ።

ስለዚህ ፊልሙ ገና ብዙ ሲቀረው ዋታናቤ ይሞታል፤ የቀረው ታሪክ ለቅሶ ቤት ውስጥ ያልቃል። አለቆቹና የሥራ ባልደረቦቹ መጠጥ ይዘው ተቀምጠዋል። መጫወቻ ስፍራውን ማን አሠራው? ምክትል ከንቲባው የእርሱ ሥራ እንደሆነ አድርጎ ያወራል፣ ሌሎቹም ይስማማሉ። ከዚያ አንዱ አንዲት ነገር ያስታውሳል፣ ሌላው ይጨምርበታል። ለቅሶ ቤት ተቀምጦ ስለ ሟች የሚወራውን የሰማ ኢትዮጵያዊ ይህን ትዕይንት ለመረዳት ማብራሪያ አያስፈልገውም። የአሠራሩ ጥበብ ግን እዚህ ላይ ነው፦ ለቀስተኞቹ ሰውየው እንደሚሞት ያውቅ እንደነበር እርግጠኞች አይደሉም፤ እኛ እናውቃለን። እነርሱ ሲከራከሩ እኛ ዝም ብለን ስለምናዳምጥ የዋታናቤ ልፋት በዓይናችን ፊት ከሚሠራው ይልቅ ያልታየው ከበደን። ይህን ድርሰት እንግሊዛዊው ደራሲ ካዙኦ ኢሺጉሮ ወደ እንግሊዝ አገር አዛውሮት በ2022 እንደገና ፊልም ሆኗል፤ የመሐሉን ሞት ግን እርሱም አልነካውም።

«ሰባቱ ሳሙራይ» የተጻፈበት መንገድ ደግሞ ለየት ያለ ነው፤ እኔም እዚህ ላይ ረዘም ማለቴ አይቀርም። መጀመሪያ የታሰበው ሌላ ፊልም ነበር፦ የአንድ ሳሙራይ የአንድ ቀን ሕይወት። ጠዋት ተነሥቶ ወደ ጌታው ግቢ ይሄዳል፣ በሥራ ላይ ትንሽ ስህተት ይሠራል፣ ማታ ቤቱ ተመልሶ ራሱን ይገድላል። ሀሺሞቶ ቤተ መጻሕፍት ገብቶ ያነብ ጀመር። ያቆመው ነገር ምሳ ነው። በዚያ ዘመን ሳሙራይ ምሳ ይበላ ነበር? የሚበላስ ከሆነ ከቤቱ ቋጥሮ ይሄዳል ወይስ እዚያው ይቀርብለታል? ማስረጃ ጠፋ። ይህን ሳያውቅ የሰውየውን ቀን መጻፍ አልችልም ብሎ ሥራውን ተወው። ኩሮሳዋ ተቆጣ፤ ቆይቶ ግን ተቀበለው። ቀጥሎ የታላላቅ ጎራዴኞችን ሕይወት አንድ በአንድ የሚያሳይ ረቂቅ ተሞከረ። እርሱም ተጣለ፤ ሁሉም ገድል፣ ሁሉም ጣራ የነካ ስለሆነ መነሻና መውጫ አልነበረውም።

ከሁለቱ ውድቀት በኋላ ኩሮሳዋ ሌላ ጥያቄ አነሣ። ጌታ የሌላቸው ተንከራታች ሳሙራዮች አገር ለአገር ሲዞሩ ምን ይበሉ ነበር? ዘመኑ እኛ ዘመነ መሳፍንት ከምንለው ጋር የሚቀራረብ፣ ባላባት ከባላባት የሚዋጋበት፣ ሽፍታ የበዛበት ዘመን ነው። ፕሮዲዩሰሩ አጣርቶ መጣ፦ በአንዳንድ መንደሮች ገበሬዎች ለእንደነዚህ ያሉት ማደሪያና እህል ይሰጡ ነበር፤ እነርሱ ደግሞ ሌሊቱን መንደሩን ከሽፍታ ይጠብቃሉ። ነገሩ በዚህች ቅጽበት አለቀ። ገበሬዎች ሳሙራይ ይቀጥራሉ። ስንት? ሰባት። ምሳ ላይ የወደቀው ጥናት በእህል ላይ ተነሣ ማለት ነው፤ ፊልሙን ያየ ሰው እነዚያ ተዋጊዎች የተቀጠሩት በሩዝ መሆኑን ያስታውሳል።

ከዚያ ሀሺሞቶ የመጀመሪያውን ረቂቅ ብቻውን ጻፈ። ቀጥሎ እርሱ፣ ኩሮሳዋና ኦጉኒ ሦስቱ በአታሚ ከተማ አንድ የእንግዳ ማረፊያ ውስጥ ተዘግተው ከ40 ቀን በላይ ሠሩ። አሠራራቸው እንዲህ ነበር፦ ኩሮሳዋና ሀሺሞቶ በአንድ ገበታ ፊት ለፊት ተቀምጠው አንድን ትዕይንት ለየብቻቸው ይጽፋሉ። ኦጉኒ አንዲት ቃል አይጽፍም። ሁለቱ የጻፉትን ያነባል፣ የተሻለውን ይወስዳል፣ ሁለቱም ካልጣሙት ሁለቱንም ይመልሳል። በዚያን ጊዜ ኩሮሳዋ በዓለም የታወቀ ዳይሬክተር ነበር፤ ቢሆንም የጻፈው ወረቀት እንደ ማንም ሰው ይመለስበት ነበር። በ1954 የወጣው ፊልም 207 ደቂቃ ይረዝማል፤ ሰባት ሳሙራዮችና አንድ መንደር ሙሉ ገበሬ ይዞ ማንንም ከማን አያምታታም። ሆሊውድ በ1960 የካውቦይ ፊልም አድርጎ ቀድቶታል።

ሀሺሞቶ በ2006 ባሳተመው ማስታወሻ ከዚህ በመነሣት ኩሮሳዋን ይወቅሳል። ከ«ሰባቱ ሳሙራይ» በኋላ ቡድኑ አሠራሩን ቀየረ፤ አንድ ሰው ረቂቅ ይዞ መምጣቱ ቀረና ሁሉም ከባዶ ወረቀት ተነሥተው በአንድ ጊዜ የመጨረሻውን ጽሑፍ መጻፍ ጀመሩ። እርሱ እንደሚለው ረቂቅ ሲኖር ስህተቱ በግልጽ ስለሚታይ ይታረማል፤ ረቂቅ ከሌለ ግን መንገዱን ዳር እስከ ዳር ያየው ሰው የለም። በ1955 የተሠራው የመጀመሪያው ሙከራ በገበያ ወድቋል። ክርክሩ ይገባኛል፤ ሙሉ በሙሉ ግን አልስማማም። ረቂቅ ጻፊው እርሱ ራሱ ነበርና በጉዳዩ ገለልተኛ አይደለም። ከዚያ ወዲህ ከጻፏቸው ውስጥም በ1957 የሼክስፒርን «ማክቤዝ» (ጸጋዬ ገብረ መድኅን ወደ አማርኛ የመለሰውን ያንኑ ተውኔት) ወደ ጃፓን የባላባቶች ጦርነት ያመጣ ፊልም አለ፤ በ1958 በሳቁና በጀብዱው ብዙ ሕዝብ የሳበ ሌላ ፊልምም አለ። የጠፋ ነገር ካለ ሌላው ነው፦ ወረቀት የሚመልስ ሰው።

ሀሺሞቶ ከኩሮሳዋ ጥላ የወጣው በቴሌቪዥን ነው። በ1958 የተላለፈው ድራማው ባለ ታሪክ አንድ ሰላማዊ ፀጉር አስተካካይ ነው። በጦርነቱ ጊዜ ወታደር ሆኖ የአለቆቹን ትእዛዝ ስለፈጸመ በጦር ወንጀለኛነት ሞት ይፈረድበታል። በሚቀጥለው ዓመት ሀሺሞቶ ራሱ ዳይሬክተር ሆኖ ፊልም አደረገው፤ በ2008፣ 90 ዓመት ሲሞላው ደግሞ ይህንኑ ስክሪፕት እንደገና ጽፎ አዲስ ፊልም ተሠርቶበታል። ከዚህ በኋላ ያለውን በፍጥነት ልለፈው፦ በ1967 የጃፓንን እጅ መስጠት የመጨረሻ 24 ሰዓት፣ በ1973 የጃፓንን መስጠም፣ በ1977 ደግሞ በ1902 በሃኮዳ ተራራ የደረሰውን እልቂት ጻፈ። በዚያ የክረምት ልምምድ ላይ ከተሰማሩት 210 ወታደሮች የሞቱት 199 ናቸው። ሁሉም በትልቅ ወጪ የተሠሩ፣ ሕዝብ የጎረፈላቸው ፊልሞች ናቸው።

በእኔ ዕይታ ትልቁ ሥራው ግን በ1974 የወጣው «የአሸዋ ቤተ መንግሥት» ነው። መነሻው የሰይቾ ማትሱሞቶ ረጅም የወንጀል ልብ ወለድ ሲሆን ሀሺሞቶ ስክሪፕቱን የጻፈው ከዮጂ ያማዳ ጋር ነው። መጽሐፉ በመረጃ የታጨቀ ነው፤ ባቡር፣ ቀበልኛ፣ የስም ለውጥ። ከመካከሉ አንዲት አጭር አንቀጽ አለች። በሥጋ ደዌ የተያዘ አባት ሕፃን ልጁን ይዞ ከመንደሩ ወጥቶ እየለመነ ተንከራተተ፤ በመንገድ ላይ የደረሰባቸውን የሚያውቁት እነርሱ ብቻ ናቸው ትላለች። ሀሺሞቶ ከዚያ ሁሉ መጽሐፍ የቀዳው ደም ይህችን አንቀጽ ነው።

የፊልሙ መጨረሻ ሩብ ያህል ሦስት ነገሮችን ይሸምናል። ፖሊስ ጣቢያ ውስጥ መርማሪው ለአለቆቹ የደረሰበትን ያስረዳል። በኮንሰርት አዳራሽ የተጠረጠረው የሙዚቃ ሰው አዲስ ድርሰቱን ከኦርኬስትራ ጋር ይጫወታል። በሦስተኛው አባትና ልጅ በበረዶ፣ በአበባ ወቅት፣ በዝናብ መንገድ ለመንገድ ይሄዳሉ፤ ንግግር የላቸውም ማለት ይቻላል። ሀሺሞቶ ይህን ያገኘው ከጃፓን የአሻንጉሊት ቲያትር እንደሆነ ተናግሯል። በዚያ ቲያትር ተራኪውና ባለ ክራሩ በጎን ይቀመጣሉ፣ አሻንጉሊቶቹ በመሐል ይንቀሳቀሳሉ። እዚህ መርማሪው ተራኪ ነው፣ ኦርኬስትራው ክራር ነው፣ አባትና ልጁ መሐል ላይ ናቸው። የፊልሙን ሙዚቃ በበላይነት የመራው ያሱሺ አኩታጋዋ ነው፤ የ«ራሾሞን» ታሪኮች ደራሲ ልጅ።

ስክሪፕቱ ተጽፎ ፊልም እስኪሆን ከአሥር ዓመት በላይ ወስዷል። የሥጋ ደዌ በሽተኛ እየለመነ የሚዞርበትን ፊልም ለመሥራት ስቱዲዮው አልደፈረም። በመጨረሻ ሀሺሞቶ በ1973 የራሱን የፊልም ድርጅት አቋቋመና ሥራው በጋራ ተሠራ። ይህ ነፃነት መጀመሪያ ጠቀመው፤ ኋላ ግን ጎዳው። በ1982 በወጣው «የቅዠት ሐይቅ» ደራሲውም፣ ዳይሬክተሩም፣ ከፕሮዲዩሰሮቹ አንዱም እርሱ ነበር። ውሻዋ የተገደለባት አንዲት ሴት ገዳዩን በሩጫ ታሳድዳለች፤ መሐል ላይ የጥንት ባላባቶች ታሪክ ይገባል፤ መጨረሻው ጠፈር ላይ ይደርሳል። ፊልሙ ብዙም ሳይቆይ ከሲኒማ ቤቶች ወረደ። ዛሬ ለእንግዳነቱ ሲሉ ፈልገው የሚያዩት አሉ። እኔ ሳስበው የኦጉኒ ወንበር ባዶ ነበር።

የአሜሪካ የፊልም ደራሲዎች ማኅበር በ2013 ለኩሮሳዋ፣ ለኦጉኒ፣ አብሯቸው ይጽፍ ለነበረው ለሪዩዞ ኪኩሺማና ለሀሺሞቶ የክብር ሽልማት በአንድነት ሰጠ። ከአራቱ በሕይወት የነበረው ሀሺሞቶ ብቻ ነው።

ከየትኛው ፊልም ልጀምር ለሚል አንባቢ ምክሬ በ1962 ማሳኪ ኮባያሺ ያዘጋጀው «ሀራኪሪ» ነው። ከሁለት ሰዓት ትንሽ ይረዝማል፣ ጥቁርና ነጭ ነው። ደሃ ሳሙራይ ወደ አንድ ትልቅ ባላባት ግቢ ይመጣና ራሴን ገድዬ በክብር ልሙት፣ ግቢያችሁን አውሱኝ ይላል። የግቢው ኃላፊ ከዚህ በፊት እንዲሁ ብሎ ስለመጣ ወጣት ይነግረዋል። እንግዳው ያዳምጣል፤ ከዚያም በተራው እኔም የምነግራችሁ አለኝ ይላል። ከዚህ በላይ አልናገርም፤ ሲያዩት ግን ማን ሲናገር ማን ዝም እንዳለ፣ ኃላፊው የሚያውቀውን እንግዳው ከየት ደቂቃ ጀምሮ ያውቀው እንደነበር ልብ ይበሉ። ሁለተኛ ጊዜ ማየት ሳያስፈልግዎት አይቀርም።